በሽታውን የደበቀ

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ይላል ተረቱ። ጥፋቱን የሚጥለው በታማሚው ላይ ነው፤ ተናገር፣ ትድናለህ ነው ነገሩ።

ታናሽ እህቴ ግን አልደበቀችም። ከ15 ዓመቷ ጀምሮ ከእምብርቷ በታች ቢላ እንደሚዞርባት ተናግራለች። እናታችን «ስትወልጂ ይተውሻል» አለቻት፤ ጎረቤት «ብርድ ነው» አለ። አንዱ ክሊኒክ ጨጓራ፣ ሌላው የሽንት ቧንቧ ኢንፌክሽን ብሎ ኪኒን ሰጣት። አልትራሳውንድ ተነሳችና «ንጹህ ነሽ፣ ምንም የለብሽም» ተባለች። እየታመሙ «ምንም የለብሽም» መባል ራሱን የቻለ ሕመም ነው። መደበቅ የጀመረችው ከዚያ ወዲህ ነው፤ ተረቱ ይህን አላሰበበትም።

ሕመሙ የወር አበባዋን ቀን ጠብቆ ብቻ ቢመጣ ትዘጋጅለት ነበር። አንድ ቀን ግን ጊዜው ሳይደርስ ታክሲ ውስጥ ያዛት። ቦርሳዋን ሆዷ ላይ ጭና ላቧ በግንባሯ ይወርዳል። «ወራጅ አለ» ብላ ወረደች፤ ቀና ማለት ግን አቃታት። ተጎንብሳ የመብራት እንጨት ይዛ ቆየች። ዛሬ ሰርግ ስትጠራ «ካላመመኝ» ነው መልሷ። ኮራች ይሏታል።

የሕመሟ ስም ኢንዶሜትሪዮሲስ ነው። የማህፀንን ውስጠኛ ግድግዳ የሚመስል ሕብረ ሕዋስ ከማህፀን ውጭ እየበቀለ ያቆስላል፣ ጠባሳም ይተዋል። የዓለም ጤና ድርጅት በመውለጃ ዕድሜ ካሉ ሴቶችና ልጃገረዶች 10 በመቶ ያህሉን፣ ወደ 190 ሚሊዮን የሚሆኑትን እንደሚይዝ ይገልጻል። አልትራሳውንድ ሊስተው ይችላል፤ ትንሽ ቁስለትም ብርቱ ሕመም ሊያመጣ ይችላል። ማስታገሻ፣ የሆርሞን መድኃኒትና ቀዶ ሕክምና ያቀልሉታል እንጂ ጨርሶ የሚያድን ገና አልተገኘም። እንግዲህ በሽታዋን የገለጠችውም መድኃኒት የላትም።

ቢሆንም ተረቱን አልጥለውም። መናገር የረዳት፣ አንዲት ሐኪም «ከየት ተነስቶ ወዴት ይሄዳል?» ብላ የጠየቀቻት ዕለት ነው። በየቀኑ ጻፊው አለቻት። «ማክሰኞ፦ ከወገቤ ተነስቶ ወደ ቀኝ ጭኔ ወረደ። ሥራ አልገባሁም» ይላል ደብተሩ።

እናቴ ያንን ደብተር መነጽሯን አድርጋ ከዳር እስከ ዳር አንብባዋለች። አሁን ማታ ማታ ሙቅ ውሃ በሃይላንድ ሞልታ፣ በነጠላ ጠቅልላ ሆዷ ላይ ታስቀምጥላትና «ዛሬስ ወዴት ሄደ?» ትላታለች።