ሳይሰሙ መፍረድ ስለማይገባ

ሹም ቤትንና መሬትን፥ መንገድንና ገበያን ያስተካክል ዘንድ ሥልጣን ይሰጠዋል፤ ያለዚህም ሥልጣን ከተማ በሥርዓት ሊኖር አይችልም። ነገር ግን ከዚህ አንድ ጥያቄ ይነሣል፤ ይኸውም፥ ጥፋቱ የተገለጠ ከሆነ ጥፋተኛውን ጠርቶ መስማት ለምን ያስፈልጋል? የሚል ነው።

ይህ ጥያቄ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1863 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በፍርድ አደባባይ ተመርምሮአል። በ1855 ዓ.ም. የወጣው የለንደን ሕግ፥ ቤት የሚሠራ ሰው መሠረት ከመቈፈሩ 7 ቀን አስቀድሞ ለሰፈሩ የሥራ ቦርድ እንዲያስታውቅ ያዝዝ ነበር፤ ሳያስታውቅ የጀመረ እንደ ሆነ ቦርዱ ቤቱን ሊያፈርስበት ይችላል። በዋንድስወርዝ ኩፐር የሚባል ሰው ቤት ይሠራ ነበር፤ ግንቡ ሁለተኛው ፎቅ ደርሶ ሳለ የቦርዱ ሠራተኞች በምሽት መጥተው እስከ መሬት አፈረሱት። ኩፐር ማስታወቂያ ልኬአለሁ አለ፤ ቦርዱም አልደረሰኝም አለ። ነገር ግን በኩፐር በራሱ ቃል እንኳ ሥራው የተጀመረው ከ5 ቀን በኋላ ስለ ነበረ፥ ሕጉን መተላለፉ የተሰወረ አልነበረም።

ዳኞቹ ግን ለኩፐር ፈረዱለት። ሕጉ «ጠርታችሁ ስሙት» ባይልም፥ ሕግ አውጪው የተወውን ፍትሕ ራሱ ይሞላዋል ተባለ። ከዳኞቹም አንዱ ባይልስ በ1723 ዓ.ም. የተነገረውን የቀድሞ ዳኛ ቃል አስታወሰ፤ ይኸውም፥ እግዚአብሔር እንኳ አዳምን ጠርቶ መልሱን ሳይሰማ አልፈረደበትም የሚል ነው። በኢየሩሳሌም የሚያስችለው የእስራኤል ጠቅላይ ፍርድ ቤትም በ1958 ዓ.ም. በበርማን ጉዳይ፥ ባለሥልጣን ሰውን የሚጐዳ ውሳኔ ከመወሰኑ በፊት ሊሰማው እንደሚገባ አጸና።

እንግዲህ የአዳም ነገር ለጥያቄው መልስ ይሰጣል። ሁሉን የሚያውቅ አምላክ አዳምን ወዴት እንዳለ የጠየቀው ያለበት ጠፍቶት አይደለም። ሰውን ከዛፍና ከድንጋይ የሚለየው መልስ መስጠት መቻሉ ስለ ሆነ፥ ጥፋተኛም ቢሆን ክብሩን አልነሣውም፤ የንስሐም በር ከፈተለት። የማይሳሳት እንዲህ ካደረገ፥ የሚሳሳት ሹም ምን ያህል ይጠይቅ ዘንድ ይገባዋል! መዝገብ ይሳሳታል፤ ደብዳቤም በመንገድ ይቀራል። «ነገርን ከሥሩ፥ ውሃን ከጥሩ» እንዲሉ አበው፥ የነገሩ ሥር ብዙ ጊዜ የሚገኘው ባልተጠየቀው ሰው ዘንድ ነው።

መስማት ማለት ግን የተናገረውን ሁሉ መቀበል አይደለም፤ ከሰማ በኋላ ቤቱ ይፍረስ ብሎ መወሰን ይቻላል። ሊወድቅ ያዘነበለ ግንብ ከሥሩ ያሉትን ሳይገድል ቶሎ ቢፈርስም ነቀፋ የለበትም። ነገር ግን አስቀድሞ በልቡ ቈርጦ፥ ለወጉ ያህል ብቻ ጠርቶ የሚያናግር ሹም፥ በጆሮው ቢሰማም በልቡ አልሰማም፤ ይህም ካለመጥራት ይከፋል፤ በግፍ ላይ ሽንገላን ጨምሮአልና።

ይህም ሥርዓት ለከተማ ሹም ብቻ የተጻፈ አይደለም። የገዳም አበ ምኔት መነኵሴውን ከበኣቱ ሲያዛውር፥ መጋቢውም በሐሜት ተነሥቶ እንግዳውን ከማደሪያው ሲያስወጣ፥ በዚያው ሚዛን ይመዘናሉ። የፈረሰ ቤት ተመልሶ ሊሠራ ይችላል፤ ሳይጠየቅ የተባረረ ሰው ልብ ግን በቀላሉ አይጠገንም። እውነትን የያዘ ሰው ጥያቄን አይፈራም፤ ሳይሰማ ለመፍረድ የሚቸኩል ግን በገዛ ፍርዱ አይታመንም ማለት ነው።

አዳምን ጠርቶ የሰማ አምላክ፥ ለሚፈርዱ ሁሉ የሚሰማ ጆሮ፥ ለሚፈረድባቸውም እውነትን የሚናገር አንደበት ያድልልን፤ አሜን።