ስለ መተማመንና ስለ መካካድ

ኹለት ሰዎች በአንድ ወንጀል ተጠርጥረው ተያዙ፤ እንዳይነጋገሩም ለየብቻ ተዘጋባቸው። መርማሪውም ለእያንዳንዳቸው እንዲህ አላቸው እንበል፤ «በባልንጀራህ ላይ ብትመሰክርና እርሱ ዝም ቢል፣ አንተ ነፃ ትወጣለህ፤ እርሱ 10 ዓመት ይታሰራል። ኹለታችሁም ብትመሰክሩ አምስት አምስት ዓመት፣ ኹለታችሁም ዝም ብትሉ አንድ አንድ ዓመት ትታሰራላችሁ።»

ብልህ ሰው ምን ያደርጋል? ባልንጀራው ዝም ቢል መክዳት ይጠቅመዋል፤ ባልንጀራው ቢከዳውም መክዳት ይሻለዋል። ነገር ግን ኹለቱም በዚህ ብልሃት ቢሄዱ አምስት አምስት ዓመት ይታሰራሉ፤ ተማምነው ዝም ቢሉ ኖሮ በአንድ ዓመት በወጡ ነበር። ስለዚህ ለየራስ ብልሃት የሆነው ነገር ለኹለቱ ጥፋት ሆነ ማለት ነው።

የኹለቱን እስረኞች ምሳሌ ለማስተማሪያ ያቀረበው በአውሮጳ አቈጣጠር በ1950 ዓ.ም. አልበርት ተከር የተባለ የሒሳብ ሊቅ ነው። በዚያው ዓመት አስቀድሞ ሜሪል ፍለድና ሜልቪን ድሬሸር በዚሁ ስሌት የተሠራ ጨዋታ ኹለት ባልንጀሮቻቸውን 100 ጊዜ አጫውተው ነበር። በስሌቱ ደንብ ኹልጊዜ መካካድ ሲገባቸው፣ ተጫዋቾቹ 60 ጊዜ ተማመኑ።

ከ30 ዓመት በኋላ ሮበርት አክስልሮድ የተባለ አሜሪካዊ መምህር በኮምፒዩተር ኹለት ውድድር አደረገ። በመጀመሪያው 14፣ በኹለተኛው 62 ስልቶች ተላኩለት። በኹለቱም የቀደመው አናቶል ራፖፖርት የላከው እጅግ አጭር ስልት ነው። ትእዛዙም «በመታመን ጀምር፤ ከዚያ ወዲያ ባልንጀራህ ያደረገብህን መልስለት» የሚል ነበር። የሚያስደንቀው ይህ ስልት ከተጫወተው ሰው ይልቅ ብዙ ነጥብ ያገኘበት አንድ ጨዋታ እንኳ አለመኖሩ ነው። ማንንም ሳያሸንፍ የኹሉ አለቃ ሆነ።

ነገር ግን ብድር መላሽ አንድ ሕመም አለበት። አንዱ ተሳስቶ አንድ ጊዜ ቢበድል፣ በደሉ እንደ ደመኞች ቂም ከወዲያ ወዲህ ሲመላለስ ይኖራል። በአውሮጳ አቈጣጠር በ1992 ዓ.ም. ማርቲን ኖዋክና ካርል ሲግሙንድ፣ ስሕተት በማይቀርበት ጨዋታ አልፎ አልፎ ይቅር የሚለው እንደሚሻል በስሌት አሳዩ።

እንግዲህ አንዳንድ ሰው «ደግነት ትርፍ ካለው ደግ እንሁን» ይል ይሆናል። መልሱ ግን ቀላል አይደለም። ደንበኛው ነገ ስለሚመለስ ብቻ ሚዛኑን የሚያቀና ነጋዴ፣ ዳግመኛ የማያየው መንገደኛ ሲመጣበት ምን ያደርጋል? ሊቃውንቱ የመተማመን ትርፍ የታየው ጨዋታው ሲደጋገም መኾኑን ራሳቸው ያስረዳሉ፤ መጨረሻው በታወቀ ጊዜ ግን ስሌቱ ወደ ክዳት ይመለሳል። ስለዚህ ሰውየው የታመነ ይኹን ወይም ብልህ ብቻ ይኹን የሚለየው ከዚያ መንገደኛ ጋራ ነው፤ በዚያ ጊዜ ሚዛኑን የሚጠብቀው ሕሊናው ብቻ ነውና።