የጠላትን ፊት መልበስ

ሰው የአባቱን አሳዳጆች የደንብ ልብስ ለብሶ፣ በእነሱ አንደበት እያንባረቀ፣ ያውም በደመወዝ ቢጫወት ምን እንበለው? ሆዳም? ከሃዲ? ወይስ ተበቃይ? ጥያቄው የሻይ ቤት ክርክር ይመስላል፤ ነገር ግን የኖረበት ሰው አለ። ፊሊፕ አን ይባላል። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ፊቱን የሚያስታውስ ብዙ ነው፤ ስሙን የሚያውቅ ግን ጥቂት። ከ1972 እስከ 1975 በአሜሪካ ቴሌቪዥን በታየው «ኩንግ ፉ» ውስጥ መምህር ካን የሚባሉት የገዳሙ አለቃ እሱ ነበር። እግረ መንገዳችንን፣ ግማሽ ቻይናዊ ነው የተባለውን ጀግና የተጫወተው ነጩ ዴቪድ ካራዲን ነው። እስያዊው ማስተማር ይችላል፤ ጀግና መሆን ግን አይችልም ማለት ነው እንግዲህ!

ፊሊፕ ግን ቻይናዊም ጃፓናዊም አልነበረም። በ1905 ሎስ አንጀለስ የተወለደ የኮሪያውያን ልጅ ነው። አባቱ አን ቻንግ ሆ አገራቸውን ከጃፓን አገዛዝ ለማላቀቅ ከታገሉት ታላላቅ ሰዎች አንዱ ናቸው። በ1932 ሻንግሃይ ላይ ተይዘው ወደ ኮሪያ ተወሰዱና ታሰሩ፤ ተፈቱ፤ በ1937 ደግሞ ታሰሩ። በ1938 ጤናቸው ተሰብሮ ሐኪም ቤት ውስጥ ሞቱ።

ከዚያ ጦርነቱ መጣና ሆሊውድ ጨካኝ የጃፓን መኮንን ፈለገ። ከመካከላችን ቴአትር የሞከረ ያውቀዋል፤ የክፉውን ሰው ክፍል ልውሰድ የሚል ሁልጊዜ ይጠፋል። እዚያ ደሞ የባሰ ነበር። ከ1942 ጀምሮ 120,000 ያህል የጃፓን ተወላጆች፣ ከሦስቱ ሁለቱ እዚያው የተወለዱ ዜጎች፣ ከነልጆቻቸው በሽቦ ወደታጠረ ካምፕ ተግዘዋል። ስለዚህ የጃፓኑን ክፍል ቻይናውያንና ኮሪያውያን ያዙት። በ1945 በወጣው «ባክ ቱ ባታን» ፊሊፕ የጃፓን ኮሎኔል ነው። የምር ጃፓናዊ መስሏቸው እንገድልሃለን እያሉ ያስፈራሩት ተመልካቾች ነበሩ።

ታዲያ ለምን እምቢ አላለም? ተዋናይም እኮ ይበላል። ግን ከእንጀራው በላይ ጠንካራ መከራከሪያ አለው፤ የተገፋ ሕዝብ ልጅ የገፊውን ጭካኔ ለዓለም ቢያሳይ ምኑ ነው ነውሩ? ከእሱ የተሻለ ምስክር ከየት ይመጣል?

ይህን ክርክር አልንቀውም። ሆኖም የተቀሰቀሰው ጥላቻ የት አረፈ ብለን እንጠይቅ። የቶኪዮው ጄኔራል ሲኒማ ቤቱ ውስጥ አልተቀመጠም። ተመልካቹ ደሙ ፈልቶ ሲወጣ የሚያገኘው ጄኔራሉን ሳይሆን ከካምፕ የተመለሰውን ባለሱቅና ልጆቹን ነው። ለዚያ ተመልካች ኮሪያዊውም፣ ቻይናዊውም፣ ጃፓናዊውም አንድ ፊት ነው። ማስፈራሪያው ራሱ ይህን ይመሰክራል፤ የአን ቻንግ ሆ ልጅ በአባቱ አሳዳጆች ስም ሊገደል ነበር! ልጁ ለአባቱ የተበቀለ ቢመስለውም፣ በቀሉን ያወጣበት መሣሪያ የሌላ ሰው ነበር፤ ባለመሣሪያው ደግሞ አነጣጥሮ የሚተኩስ አልነበረም።

ዋናውን ሸክም ደራሲውና ገንዘብ ከፋዩ ይሸከሙ፤ በዚህ አልከራከርም። ግን «ታዝዤ ነው» የሚለው ቃል ለወታደር ካልበቃ ለተዋናይም አይበቃም። ትንሽ ክፍል የያዘ ሰው ጥፋቱም ትንሽ ነው የሚሉ ጓደኞች አሉኝ። እኔ እንደሚመስለኝ ግን ትንሹ ክፍል ነው ይበልጥ የሚታመነው። ዋናውን ተዋናይ በስሙ ስለምናውቀው ሲጫወት እንደሆነ አንረሳም፤ ስሙን የማናውቀውን ግን እውነተኛው ሰው ነው ብለን ወደ ቤታችን እንወስደዋለን።

ፊሊፕ ከአርባ ዓመት በላይ በዚህ ሥራ ቆይቶ በ1978 ሞተ። በሆሊውድ የእግረኛ መንገድ ላይ በስሙ ኮከብ የተደረገለት በ1984 ነው። ኮሪያዊ ሆኖ የታየባቸው ጊዜያት ብዙ አይደሉም። በ1957 «ባትል ሂም» ላይ አንድ የኮሪያ ሽማግሌ ሆነ። ከዚያ በ1970ዎቹ፣ ስለ ኮሪያ ጦርነት በሚተርከው «ማሽ» በተባለው የቴሌቪዥን ተከታታይ ውስጥ፣ ለአጫጭር ክፍሎች ተጠራ። ያን ጊዜ ዕድሜው ሰባ ደርሷል።