የሌላውን ሰው ድካም ስለ መውሰድ

ስርቆትን የሚከለክለው ትእዛዝ ሲሰጥ፥ ሌባ ማለት በሌሊት ግድግዳ የሚነድል ብቻ ነው ተብሎ አልተወሰነም። ዛሬ ግድግዳ ሳይነደል፥ ቁልፍም ሳይሰበር የሚፈጸም ስርቆት በየቤታችን ገብቶአል፤ ይኸውም የፊልም ሠሪዎችን ሥራ ያለ ፈቃዳቸውና ያለ ዋጋ ከኢንተርኔት አውርዶ ማየት፥ ቀድቶም መሸጥ ነው።

የቀድሞ የአዲስ አበባ ሰዎች ፊልም የሚታይበትን ቤት «ሰይጣን ቤት» ይሉት ነበር። ለክርስቲያን የሚገባው ፊልም የትኛው እንደ ሆነ ሌላ ትምህርት ነው፤ አሁን የምንናገረው ስለ ሠራተኛው ዋጋ ነው። በቦሌ መድኃኔ ዓለም ካቴድራል አቅራቢያ በኤድና ሞል ሲኒማ ሲከፈት፥ ሕዝቡ ትኬት ቆርጦ ይገባ ነበር። ከትኬቱ የሚገኘው ገንዘብ የሲኒማ ቤቱና የፊልም ሠሪው ሲሳይ ነው፤ ተዋናዩም፥ መብራት ተሸካሚውም የሚያድረው በዚያው ነው። ቅጂው በመንገድ ዳር ሱቅ በጥቂት ብር በፍላሽ ሲጫን፥ ኋላም በቴሌግራም ሲበተን፥ ያ ሲሳይ ይቋረጣል። ሐዋርያው ያዕቆብ የተቀማ የሠራተኛ ደመወዝ ወደ እግዚአብሔር እንደሚጮኽ ያስተማረው ስለዚህ ዐይነቱ ነው።

«አባቶቻችንስ መጽሐፍ ከመጽሐፍ ይገለብጡ አልነበረምን?» የሚል ይኖራል። አዎን፥ ይገለብጡ ነበር። ነገር ግን ጸሓፊው ብራና ፍቆ፥ ቀለም በጥብጦ ወራት ሙሉ ይደክም ነበር፤ አስጻፊውም ዋጋውን ይከፍለው ነበር፤ ደራሲውም መጽሐፉ እንዲባዛ ይወድ ነበር እንጂ ከእንጀራው አይጎድልበትም ነበር። ይህም ሁሉ ሆኖ መጽሐፉን የሰረቀና የፋቀ በጴጥሮስና በጳውሎስ ሥልጣን የተወገዘ እንዲሆን በብራናው ላይ ይጻፍ ነበር። እንግዲህ ኃጢአቱ መገልበጡ ሳይሆን፥ ባለቤቱ ያልሰጠውን መውሰዱ ነው። ይህም ለፊልም ብቻ አይደለም፤ የዘማርያንን መዝሙር «ለበረከት ነው» እያለ ያለ ፈቃድ ቀድቶ የሚሸጥም ከዚሁ ፍርድ አያመልጥም።

የአገራችን ሕግም ዝም አላለም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ሲታወጅ፥ ዐውቆ መብቱን በሚጥስ ላይ ከ5 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ወስኖ ነበር። ከዳኛ የተሰወረም ቢሆን ጉዳቱ ወደ ቤቱ ይመለሳል፤ ፊልም በነጻ እንሰጣለን ከሚሉት ስውር ገጾች ብዙዎቹ አጥፊ ፕሮግራም ያስገባሉ፥ የባንክን ምስጢር ቁጥር ይሰርቃሉ፥ ሕፃናት ሊያዩት የማይገባውንም ምስል ይገልጣሉ። አካን የሰረቀውን በድንኳኑ ቀበረ፤ ነገር ግን በስውር ስላደረገው እስራኤል በጋይ ፊት ተሸነፈ። ዛሬም አባት በስልኩ የደበቀውን ልጁ ያየዋል፥ ይማረዋልም።

ስለዚህ ካህናት ሆይ፥ ንስሓ ልጆቻችንን ስንጠይቅ ይህን አንዝለል። ምእመናን ሆይ፥ ዘኬዎስ በዐመፅ የወሰደውን አራት እጥፍ ሊመልስ ቃል እንደ ገባ እናስብ፤ እኛም ቢያንስ የምናየውን ከፍለን እንይ፥ መክፈል ባንችልም እንተወው። ፊልም ባለማየት የሚጠፋ ነፍስ የለም፤ በሰው ሲሳይ ግን ነፍስ ትጠየቃለች። እግዚአብሔር በላባችን የምንኖርበትን ልብ ያድለን፤ ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ አሜን።