ከፍሬሙ ውጭ የቀረው ጨፋ

አክስቴ ሪያድ ከገባች አስራ አንድ ዓመት ሆኗታል። ባለፈው ዓመት ለእረፍት ከሚሴ ስሄድ አንድ ነገር ብቻ ለመነችኝ፦ «ጨፋን ቀርጸህ ላክልኝ፤ ያኔ ከብት የምንጠብቅበትን መስክ።»

ሄድኩ። ቦርከና ዳር ቆሜ ስልኬን አወጣሁ። እኔ ልጅ ሆኜ ውሃ ይተኛበት ከነበረው ሜዳ ብዙው ታርሷል። የውሃ መሳቢያ ሞተር ይጮሃል። ስልኩን ትንሽ ወደ ግራ ሳዞረው ግን ረግረግ፣ ሳርና ጥቂት ከብቶች አገኘሁ። አርባ ሰከንድ ቀረጽኩ፣ ድምፁን አጠፋሁና ላክሁላት። አለቀሰች። «ምንም አልተለወጠም!» አለችኝ። ዝም አልኩ።

ዋሸኋት እንዴ? ቪዲዮው ውስጥ ያለው ሁሉ እውነት ነው።

ሥራዬ ሶፍትዌር መጻፍ ነው። እኛ ጋ ካሽ የሚባል ነገር አለ፤ አፑ እንዲፈጥን የመረጃውን ቅጂ ቅርብ ቦታ ያስቀምጣል። ዋናው መረጃ ተቀይሮ ቅጂው ካልታደሰ ተጠቃሚው የድሮውን የአሁን ነው ብሎ ያያል። ምንም ኤረር አይመጣም። ክፋቱም ይሄው ነው። የስደተኛ ትዝታ እንዲህ ነው፤ እኔ ደግሞ ማደስ ስችል የድሮውን አጸናሁላት።

በዚያው ሰሞን የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» ድጋሚ አየሁት። ኃይሌ ጎንደር ተወልዶ በወጣትነቱ አሜሪካ የሄደና ኑሮውን እዚያው ያደረገ ሰው ነው። ፊልሙ በ2008 እ.ኤ.አ. ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማት አግኝቷል። ባለታሪኩ አንበርብር ጀርመን የተማረ ነው። በምሥራቅ ጀርመን ዘረኞች ጥቃት አድርሰውበት እግሩን ያጣል፤ ከዚያ ትዝታው ተቆራርጦ ጣና ዳር ወዳለው የትውልድ መንደሩ ይመለሳል። የሚጠብቀው የልጅነቱ ሐይቅ ብቻ አይደለም። ወታደሮች ልጆችን ለጦርነት ያፍሳሉ፤ ልጆቹ ዋሻ ይደበቃሉ። ከሩቅ የሚኖር ዳይሬክተር ካሜራውን ወደ ሐይቁ ብቻ ቢያዞር ናፍቆቱ ይፈቅድለት ነበር። ኃይሌ ግን ሁለቱንም አሳየን።

ጓደኛዬ ይሄን ሳወራው፣ «ምን አገባህ? ደስ ብሏታል አይደል?» አለኝ። ቀላል ክርክር አይደለም። አክስቴ ቀኑን ሙሉ የሰው ቤት ስታጸዳ ትውላለች፤ ያ መስክ ምርኩዟ ነው። የሰው ምርኩዝ መቀማት ጭካኔ ነው ብዬ ለትንሽ ጊዜ አመንኩት። ከዚያ አንድ ቀን ደውላ፣ «ያጠራቀምኩት ትንሽ ገንዘብ አለ፤ ስመለስ ሦስት ላም ገዝቼ እዚያው መስክ ላይ አሰማራለሁ» አለችኝ።

ግን የላሞቹ ጉዳይ ባይመጣ እንኳ ጥፋቴ ጥፋት ነበር። እኛ አገር እንግዳ ሲመጣ ሳሎኑ ይጠረጋል፣ የጓዳው በር ይዘጋል። ቤተኛ ግን ጓዳ ይገባል፤ የጎደለውን አይቶ «ይሄስ ምን ሆነ?» ይላል። እኔ አክስቴን በገዛ አገሯ እንግዳ አደረግኋት። የምትችለውንና የማትችለውን እኔ ወሰንኩላት። ትዝታዋን መጠበቅ መስሎኝ ድርሻዋን ነው የነጠቅኋት።

ሁለተኛውን ቪዲዮ ላክሁላት፤ ሦስት ደቂቃ፣ ያልተቆረጠ፣ ሞተሩም እየጮኸ። ከሥሩ «የፊተኛውን ቆርጬው ነበር፤ ይቅርታ» ብዬ ጻፍኩ።

ሁለት ቀን ዝም አለች። በሦስተኛው ቀን የድምፅ መልእክት መጣ፦ «ያ ሞተር የማን ነው ልጄ? ውሃው በበጋ ይበቃል?»

ስለ ላሞቹ አላነሳችም። እኔም አልጠየቅኳትም። ስለ ሞተሩ ለማጣራት ወደ ከሚሴ ደወልኩ።