የኑሮ ውጥረትና ረቂቅ መስመር

የዘመናዊ ኑሮ ውጥረት መልክ የለውም። ድህነትን በተቀደደ ልብስ፣ ጦርነትን በፈረሰ ቤት ማሳየት ይቻላል፤ ሰውን ከራሱ ጋር የሚያጣላውን የዕለት ተዕለት ጥድፊያ ግን በምን ይሥሉታል? ረቂቅ አኒሜሽን ለዚህ የሰጠው መልስ ሌላ የሥነ ምግባር ጥያቄ ያስከትላል፤ ይኸውም የሰውን ጭንቀት ሰው በሌለበት ሥዕል መግለጽ ተገቢ ነውን? የሚል ነው።

የኒውዚላንድ ተወላጅ የነበረው ከያኒ ሌን ላይ እ.ኤ.አ. በ1958 «ፍሪ ራዲካልስ» የተሰኘውን ፊልም ሲሠራ ካሜራ አላስፈለገውም። ጥቁሩን ፊልም በስለታም መሣሪያ እየጫረ ነጫጭ መስመሮችን አወጣ፤ ከአፍሪካውያኑ የባጊርሚ ሕዝብ ከበሮ ጋርም አዋሐዳቸው። መስመሮቹ ይንቀጠቀጣሉ፣ ይጠማዘዛሉ፣ ድንገት ይሰወራሉ። የከያኒው ትኩረት በኃይልና በእንቅስቃሴ ላይ ነበር፤ ሆኖም ሥራው ገጸ ባሕርይና ታሪክ ሳይኖር እንቅስቃሴ ብቻውን የተመልካቹን ስሜት ሊይዝ እንደሚችል ያረጋግጣል። ይህ ለኢትዮጵያዊ ተመልካች እንግዳ ሊሆን አይገባም። በሕመምተኛው ቁመት ልክ ይዘጋጅ የነበረው የብራና ክታብ ጠልሰም፣ መስመርና ዐይን በሚያያቸው ሰው ላይ ኃይል አላቸው ከሚል እምነት የተወለደ ነው።

ፊት ያለው ሥዕል «ይህ የእገሌ ችግር ነው» ብሎ ለማምለጥ በር ይከፍታል። ስም የለሽ መስመር ግን ማምለጫ አይሰጥም። አደጋውም ከዚሁ ይመነጫል። ስም የሌለው ጭንቀት ምክንያትም የሌለው፣ እንደ ነፋስና እንደ ዝናብ ከተፈጥሮ የመጣ ሊመስል ይችላል። ውጥረት ግን ከሥራ አደረጃጀት፣ ከመኖሪያ ጥበት፣ ከሰዎች መራራቅ የሚወለድ ነው።

ፖላንዳዊው ዝቢግኒየቭ ሪብቺንስኪ እ.ኤ.አ. በ1980 በሠራው «ታንጎ» 36 ሰዎች በአንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ የየራሳቸውን ድርጊት እየደጋገሙ፣ ሳይነካኩና ሳይተያዩ ይመላለሳሉ። ፊልሙ ሰዎችን ቢያሳይም የሚገዛው የረቂቅ ጥበብ ሥርዓት በሆኑት በምትና በድግግሞሽ ነው። በዚህም መስመር ብቻውን ሊናገር የሚቸግረውን ይናገራል፤ በአንድ ጣሪያ ሥር እየኖሩ አለመተያየትን።

እንግዲህ የከያኒው ኃላፊነት ተመልካቹን በማንቀጥቀጥ አያበቃም። ጥድፊያን በጥድፊያ ብቻ የሚያሳይ ሥራ በተሸከመው ላይ ሸክም ይጨምራል። በሰከንድ 24 ምስሎች በሚያልፉበት በዚህ ጥበብ፣ ምስሎቹን አንድ በአንድ በትዕግሥት የሚሠራው ባለሙያ የዝግታን ዋጋ ከማንም ይበልጥ ያውቃል። ከዚያ ዝግታ ለተመልካቹም ሊያካፍል ይገባዋል፤ ሰው «ለምን?» ብሎ የሚጠይቀው ፋታ ሲያገኝ ነውና።