ስም አውጪው ምን ዕዳ አለበት?

«ስምን መልአክ ያወጣዋል» ይላል የአበው ብሂል። ብዙ ጊዜ የሚነሳው የአንድ ሰው ስምና ሕይወት ተገጣጥመው ሲገኙ ነው። ከሥሩ ግን ሌላ ሐሳብ አለ። በአማርኛ ስም ይሰጣል ብቻ ሳይሆን ይወጣል። በተሰያሚው ውስጥ አስቀድሞ የነበረን ነገር አንድ አስተዋይ ዐይን አይቶ ያወጣዋል ማለት ነው። ታዲያ ስም አውጪው መልአክ ሳይሆን ከባሕር ማዶ የመጣ የእጽዋት አጥኚ፣ ተሰያሚውም እሺም እንቢም የማይል ዛፍ ሲሆን ምን ይባላል?

ዛፉ በኮስታ ሪካና በምዕራብ ፓናማ ተራሮች ይበቅላል። ሳይንሳዊ ስሙ ማግኖሊያ ፖአሳና ነው። መኖሪያው የደመና ደን የሚባለው ነው፤ ደመና ከላይ የሚያልፍበት ሳይሆን በዛፎቹ መካከል የሚመላለስበት፣ ዝናብ ባይዘንብ እንኳ ቅጠሎች ከጉሙ ውሃ የሚለቅሙበት፣ እያንዳንዱ ግንድ ሌሎች ትናንሽ እጽዋትን ተሸክሞ የሚኖርበት ደን። የዛፉ አበባ ነጭና መዓዛማ ነው። የማግኖሊያን ብናኝ ከአበባ ወደ አበባ በማድረስ የሚታወቁት በዋነኛነት ጥንዚዛዎች ናቸው፤ ወገኑ ከንቦች ጋር ከመላመድ በፊት የነበረውን ጥንታዊ ልማድ እንደያዘ አለ። ለማግኖሊያ የቀረቡ ወደ 100 ሚሊዮን ዓመት የሚጠጋ ዕድሜ ያላቸው የአበባ ቅሪቶች ተገኝተዋል። ያን ሁሉ ዘመን ወገኑ ያለ ስም አብቧል።

አሁን ግን ሁለት ስም ተሸክሟል። «ፖአሳና» የተወሰደው ከፖአስ እሳተ ገሞራ ተራራ ነው። ይህን ያወጣው በ1887 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ወደ ኮስታ ሪካ የሄደው ስዊዘርላንዳዊ አንሪ ፒቲዬ ነው። «ማግኖሊያ» የሚለው ግን ከሩቅ የመጣ ነው። ፈረንሳዊው መነኩሴና የእጽዋት ሊቅ ሻርል ፕሉሚዬ ማርቲኒክ ደሴት ላይ ያየውን አንድ ዛፍ በ1703 በአገሩ ሰው በፒየር ማኞል ስም ጠራው። ሊኔዎስ በ1753 ባሳተመው የእጽዋት መዝገብ ስሙን ተቀበለው፤ ስሙም ከአሜሪካ እስከ እስያ ላለው ወገን መጠሪያ ሆነ። ማኞል ሞንፔሊዬ የኖረ ሐኪምና የእጽዋት መምህር ነበር። የመካከለኛው አሜሪካን ደን አላየም፤ ደኑም እሱን አላየውም።

እዚህ ላይ ፍርዱ ቀላል ይመስላል። በሜክሲኮ የናዋትል ተናጋሪዎች ከሳይንሱ መዝገብ በፊት ለዚህ ወገን ዛፎች ስም ነበራቸው። አንዱን ዮሎሾቺትል ይሉታል፤ «የልብ አበባ» ማለት ነው። እምቡጡ ልብ ይመስላል፤ ለልብ ሕመምም መድኃኒት ያደርጉት ነበር። የስፔኑ ንጉሥ ፊሊጶስ ዳግማዊ ሐኪም ፍራንሲስኮ ኤርናንዴስ በ1570ዎቹ በሜክሲኮ ተዘዋውሮ የአገሩን እጽዋት ከነናዋትል ስማቸው መዝግቧል። ወደ ስፔን የላከው ዋናው ጽሑፍ በ1671 በኤስኮሪያል ገዳም በተነሳ ቃጠሎ ወደመ። ከዚያ በኋላ ዓለም የለመደው የሞንፔሊዬውን ሰው ስም ነው። ስለዚህ አንዱ ስም እውነተኛ፣ ሌላው ቅሚያ ነው ማለት ያስደፍራል።

ነገሩ ግን በዚህ አያበቃም። አንደኛ፣ ማኞል የጌቶች ጌታ አልነበረም። በፕሮቴስታንትነቱ ምክንያት የሚገባውን የማስተማር ቦታ ተነፍጎ ለብዙ ዓመታት የቆየ ሰው ነው። በእሱ ስም ዛፍ መጥራት የባልደረባ ምስጋና እንጂ የድል ሐውልት አልነበረም። ሁለተኛ፣ «የልብ አበባ» የሚለውም የሚናገረው ስለ ሰው ነው፤ ስለ ሰው ልብና ስለ ሰው ሕመም። በእርግጥ አንዱ ስም ከዛፉ ፊት ቆሞ እምቡጡን አይቷል፤ ሌላው ወዳጁን አስቧል። ልዩነቱ ትንሽ አይደለም። ቢሆንም ሁለቱም ዛፉን የተመለከቱት በሰው በኩል ነው።

ሦስተኛው ነገር ከሁሉም ይከብዳል። ዛሬ አንድ ዛፍ በሕግ ፊት የሚቆመው በላቲን ስሙ ነው። የመጥፋት አደጋ ያንዣበበባቸው ዝርያዎች የሚመዘገቡት በዚያ ስም ነው፤ ከማግኖሊያ ቤተሰብ ግማሽ ያህሉ አደጋ ላይ መሆኑ የታወቀውም እያንዳንዱ በስሙ ተቆጥሮ ነው። በመካከለኛው አሜሪካ እንደ ሆንዱራሳዊው አንቶኒዮ ሞሊና ያሉ የአገሩ ሊቃውንት ማግኖሊያዎቻቸውን ሰይመው ወደዚህ መዝገብ አስገብተዋል። ስም የሌለው ዛፍ ሲቆረጥ የሚቀነስበት መዝገብ የለም። ለቅሶም አይቀመጡለትም።

ታዲያ ስም ያድናል? የዚያው ተራራማ አገር ታሪክ «አይ» ይላል። በኮስታ ሪካ የሞንቴቬርዴ የደመና ደን ወንዱ እንደ ወርቅ የሚያበራ እንቁራሪት ነበር። በ1960ዎቹ ሳይንሳዊ ስም ወጣለት፣ ተደነቀ፣ ፎቶ ተነሳ፤ ከ25 ዓመት ባነሰ ጊዜ ውስጥ፣ በ1989፣ ለመጨረሻ ጊዜ ታየ። «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» የሚባለው ለሰው መጽናኛ ነው፤ ልጆችና ሥራ ከኋላ ስለሚቀሩ። ለእንቁራሪቱ ግን ከመቃብር በላይ የዋለው ስም ብቻ ነው። እንዲህ ሲሆን አባባሉ መጽናኛ መሆኑ ቀርቶ ወቀሳ ይሆናል።

ስም ዛፉን ካላዳነ፣ ዛፉም ያለ ስም ይህን ሁሉ ዘመን ከኖረ፣ መሰየም ምን ይለውጣል? የሚለውጠው ሰያሚውን ነው። በየመንገዱ ዳር የተቀመጠን ነዳያን ሳያዩ ማለፍ ይቻላል፤ አንዴ ቆሞ ስሙን የጠየቀ ሰው ግን በማግስቱ እንዳላየ ማለፍ ያቅተዋል። ነዳያኑ ስሙ ስለታወቀ የበለጠ ሰው አልሆነም፤ ትናንትም ሰው ነበር። የተለወጠው የአላፊው ሰበብ ነው። ስም ለተሰያሚው ክብር አይጨምርለትም፤ ከሰያሚው ላይ ግን «አላወቅሁም» የሚለውን ሰበብ ይነሳዋል። በክርስትና ሥርዓት ልጁን የሚያነሳው የክርስትና አባት ተጠምቆ ስም በወጣለት ልጅ ላይ ባለቤትነት አያገኝም፤ የሚያገኘው ኃላፊነት ነው። ሳይንስም ስም ሲያወጣ የገባው ቃል እንዲሁ መታየት አለበት። የላቲኑ ስም ከናዋትሉ ጋር ሲመዘን ዋናው ጥያቄ ማን ቀደመ የሚለው ብቻ አይደለም፤ ስሙን ካወጣ በኋላ ማን አብሮ ቆመ የሚለውም ነው።

በፖአስ ላይ ዕዳው በከፊል ተከፍሏል። ተራራው በ1971 ብሔራዊ ፓርክ ሆኖ ሲከለል፣ ስሙን ከተራራው የተዋሰው ዛፍ አብሮ ተከለለ። የቦታ ስም መያዝ ይህ በጎነት አለው፤ ዛፉን መጠበቅ ቦታውን መጠበቅ እንደሆነ ያስታውሳል። ደመናን ግን አጥር አይዘውም። ዓለም በሞቀ ቁጥር ጉሙ ወደ ላይ ይሸሻል፤ ዛፉ ሥሩን ነቅሎ አይከተለውም። ያንን ሙቀት የጨመሩት ፒቲዬም ማኞልም አይደሉም፤ ፖአስን አይተው የማያውቁ፣ በሩቅ ከተሞች መኪና የሚያስነሱና ቤት የሚያሞቁ ሰዎች ናቸው። ብዙዎቹ የዛፉን ስም ሰምተው አያውቁም። ይህን ጽሑፍ እስከዚህ ያነበበ ሰው ግን አሁን ያውቀዋል።